ካፒቴኑን ያልቀሰቀስኩበት ሌሊት

ባለፈው ወር ቢሾፍቱ፣ ባቦጋያ ሐይቅ ዳር፣ የመርከብ ሥራ ከሚማሩ ልጆች ጋር ሻይ እየጠጣሁ ነበር። አንደኛው ጠየቀኝ፦ «ጋሼ፣ አሁን ሁሉም በጂፒኤስ ነው። እነዚያ የባሕር መብራት ማማዎች ከእንግዲህ ምን ይሠራሉ?»

ጥያቄው ጥሩ ነበር። እኔ ግን ዝም አልኩና ወሬ ቀየርኩ። ማታ ቤቴ ገብቼ እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ልጁ ሳያውቀው አርባ ዓመት ሸፍኜ ያኖርኩትን ነገር ነካብኝ።

መጋቢት 1976 ዓ.ም. ነው። ዕድሜዬ 26፣ ሥራዬ ሦስተኛ መኮንን። ከጅዳ ወደ አሰብ እየወረድን ነበር። ከምሽቱ ሁለት ሰዓት እስከ እኩለ ሌሊት ያለው የጥበቃ ተራ የእኔ ነው። ቀይ ባሕር ወደ ደቡብ ሲጠብ ደሴትና ዓለት ይበዛበታል። ከሰሜን ስትመጡ መጀመሪያ ጀበል አጥጠይርን ታገኛላችሁ። ቀጥሎ ዙበይር፣ ከዚያ አቡ ዓሊ፣ ከዚያ ዙቀርና ሃኒሽ። በዚያ ወቅት ነፋሱ ከደቡብ ምሥራቅ ፊት ለፊት ይመጣል። ማዕበሉ አጭር ነው፣ ግን ይደበድባል።

ያኔ በእኛ መርከብ ጂፒኤስ የሚባል ነገር የለም። እያንዳንዱ ማማ የራሱ አበራር አለው። አንዱ አንዴ ብልጭ ብሎ ያርፋል፣ ሌላው ሁለቴ ወይ ሦስቴ። ሰዓት ይዘህ ትቆጥራለህ፣ የመብራቶቹ ዝርዝር ካለበት መጽሐፍ ጋር ታስተያያለህ፣ የት እንዳለህ ታውቃለህ። የአቡ ዓሊን መብራት ቆጥሬ ሳረጋግጥ ልቤ አረፈ።

ስለዚያ መብራት ትንሽ ላውራችሁ፣ ታሪኩን እወደዋለሁ። እነዚያን ማማዎች ያሠራው የኦቶማን መንግሥት ነው። ለአንድ የፈረንሳይ ኩባንያ ፈቃድ ሰጥቶ እ.ኤ.አ. በ1903 በጀበል አጥጠይር፣ በዙበይር፣ በአቡ ዓሊና በየመኗ የወደብ ከተማ በሞካ አስተከለ። ከዚያ የአንደኛው ዓለም ጦርነት መጣ፣ ኦቶማንም ፈረሰ። ከጦርነቱ በኋላ ከቱርክ ጋር የተፈረመው የ1923ቱ የሎዛን ውል ደሴቶቹ የማን እንደሆኑ ሳይወስን ተዋቸው። ቢሆንም እንግሊዞች መብራቱን ማስጠበቅ ቀጠሉ። እ.ኤ.አ. በ1962 ደግሞ መርከብ ያላቸው አገሮች የጀበል አጥጠይርንና የአቡ ዓሊን ወጪ ለመጋራት ለንደን ላይ ተፈራረሙ። ኤርትራና የመን በሃኒሽ ተጋጭተው እ.ኤ.አ. በ1998 የግልግል ፍርድ እስኪሰጥ ድረስ የደሴቶቹ ባለቤት በውል አልታወቀም። የማንም ባልሆነ ድንጋይ ላይ፣ ለማያውቁት መርከበኛ ሲሉ ሰዎች መብራት ያስጠብቁ ነበር። ይህን ሳስብ እስከ ዛሬ ደስ ይለኛል።

ወደ ሌሊቱ ልመለስ። ከምሽቱ አራት ሰዓት ተኩል ገደማ፣ ከፊታችን በስተቀኝ፣ ዝቅ ያለች ቢጫ መብራት አየሁ። ማዕበሉ ሲነሣ ትጠፋለች፣ ሲወርድ ትታያለች። ራዳሩን አየሁት፣ የማዕበሉ ነጠብጣብ ብቻ ነው። የእንጨት ጀልባ በዚያ ባሕር ራዳር ላይ እምብዛም አይወጣም። ከእኔ ጋር የሚጠብቀው ባሕረኛ ሽማግሌ የምጽዋ ሰው ነበር። የሩቅ ማያ መነጽሩን ተቀብሎኝ ቆይቶ አየና «ይህቺ እየተወዛወዘች ነው» አለኝ። «ማዕበሉ ነው» አልኩት። «የለም፣ ሰው ነው የሚያወዛውዛት» አለ።

ከዚያ በፊት በነበረው ሌሊት ካፒቴኑን በከንቱ ቀስቅሼው ነበር። ያየሁት ዓሣ አጥማጅ ሆኖ ተገኘ። መሪ በያዘው ልጅ ፊት ተቆጣኝ። ያ ቁጣ አልወጣልኝም ነበር። ስለዚህ «ዓሣ አጥማጆች ናቸው» አልኩ። ሽማግሌው መነጽሩን አስቀምጦ ወደ ቦታው ሄደ። እኔ መብራቷን በጎናችን አልፋ ወደ ኋላችን እስክትቀር፣ አሥር ደቂቃ ያህል፣ ቆሜ አየኋት። አሥር ደቂቃ ብዙ ጊዜ ነው። ወደ ካፒቴኑ ክፍል የሚደውለው ስልክ በእጄ ርቀት ላይ ነበር።

ሎግ ቡኩ ላይ፣ ማለትም የመርከቡ የውሎ መዝገብ ላይ፣ የነፋሱን አቅጣጫና አቡ ዓሊ የታየበትን ሰዓት ጻፍኩ። ስለዚያች መብራት አንድ ቃል አልጻፍኩም። ለተረካቢዬም አልነገርኩትም።

አሰብ ከገባን በሦስተኛው ቀን ሽማግሌው ከወደብ ተመልሶ መጣ። ከየመን በኩል የወጣ አንድ ሳምቡክ፣ የእንጨት ጀልባ፣ አልተመለሰም ሲሉ ሰማሁ አለኝ። በየትኛው ሌሊት እንደሆነ የሚያውቅ አልነበረም። ሌላ ምንም አልጨመረም። ቢወቅሰኝ ይሻለኝ ነበር።

ያቃጠለኝ ደግሞ ሌላ ነገር አለ። ከዚያ ሌሊት ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ ለትምህርት እንግሊዝ አገር ነበርኩ። እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 19 ቀን 1981 ዩኒየን ስታር የምትባል መርከብ ኮርንዎል ዳርቻ ላይ ሞተሯ ቆመ። ነዳጁ ውስጥ የባሕር ውኃ ገብቶ ነበር። ስምንት ሰዎች ይዛለች፣ ከነሱ ውስጥ የካፒቴኑ ሚስትና ሁለት የእንጀራ ልጆቹ አሉ። ሄሊኮፕተር ሞክሮ አልቻለም። ማውዝል ከምትባል ትንሽ መንደር በፈቃዳቸው የሚያገለግሉ ስምንት ሰዎች ሶሎሞን ብራውን በተባለች የእንጨት ነፍስ አድን ጀልባ ወጡ። መሪዋ ትሬቬልያን ሪቻርድስ ከአንድ ቤት ሁለት ሰው አልወስድም ብሎ፣ አባቱ ጀልባዋ ላይ የነበረ አንድ ወጣት መልሷል። አራት ሰው ማንሣታቸውን በሬዲዮ ተናገሩ፣ ከዚያ ድምፃቸው ጠፋ። አሥራ ስድስቱም አለቁ። ይህ ሁሉ የሆነው ቴተር ዱ ከሚባለው የመብራት ማማ አጠገብ ነው። በአንድ ቀን ውስጥ ከዚያችው መንደር ለአዲስ ጀልባ የሚበቃ ሰው ተመዘገበ። እኔ ያን ዜና ሰምቼ በተማርኩበት ክፍል ውስጥ አልቅሻለሁ። ያን ያህል አልቅሼ ነው ከሁለት ዓመት በኋላ ስልክ ማንሣት ያቃተኝ።

እንግዲህ የልጁ ጥያቄ መልስ ይኸው። ጂፒኤስ ይዛባል። እ.ኤ.አ. በ2025 ግንቦት ጅዳ አጠገብ አንድ ትልቅ የኮንቴነር መርከብ መሬት ሲነካ የተጠረጠረው እሱ ነው። የመብራት ማማ ቦታውን አይቀይርም። በመስኮት አይታችሁ ስክሪኑ እውነት መናገሩን ታረጋግጡበታላችሁ። እናንተ ደግሞ፣ ቅር አይበላችሁ፣ ከስክሪን ዓይን መንቀል አትወዱም። ባቦጋያ ዳር ተቀምጠው ሐይቁን ያላዩ ልጆች አይቻለሁ።

ይህን ጽፌ ሳነበው ግን ትክክል አልመሰለኝም። እኔ ስክሪን አልነበረኝም። በመስኮት አይቻለሁ፣ መብራቱንም ቆጥሬያለሁ። ያ ሳምቡክ ዛሬ መርከቦች የያዙት የአደጋ ጊዜ አስተላላፊ ቢኖረው ኖሮ ምልክቱ በሳተላይት ይደርስ ነበር፣ የእኔን ድፍረት አይጠብቅም ነበር። ቴክኖሎጂውን አትናቁ።

 እኔ የምመክራችሁ ስለዚያ የባሕር መስመር ነው። ከጅቡቲዋ ኦቦክና ከሶማሊያዋ ቦሳሶ በሌሊት የሚነሡት ጀልባዎች የእኛን ልጆች ጭነው ወደ የመን ይሻገራሉ። እ.ኤ.አ. ሰኔ 2024 ከቦሳሶ የተነሣች አንዲት ጀልባ 260 ያህል ሰው ይዛ ተገልብጣለች። ብዙዎቹ የአገራችን ልጆች ነበሩ። ከመካከላችሁ አንዱ መኮንን ሆኖ በዚያ ባሕር ማለፉ አይቀርም። የምታዩት የስልክ መብራት ሊሆን ይችላል፣ ወይም ጥላ ብቻ። ሰዓቱንና አቅጣጫውን ጻፉ። ካፒቴኑን ቀስቅሱት። ትናንት ተቆጥቷችሁ ቢሆንም ቀስቅሱት።

አንተ የጠየቅከኝ ልጅ፣ ሻዩ ላይ ዝም ያልኩህ ለዚህ ነው።