መልሶ ማጥቃት በጌም ውስጥ፦ ለጥያቄዎቻችሁ ከደሴ የተሰጠ መልስ

ባለፈው ሳምንት ስለ ጌም ፍልሚያ ጠይቁኝ ብዬ ነበር። አብዛኛው ጥያቄ ስለ ፓሪ (የጠላትን ምት በሰዓቱ መመከት) እና ስለ ካውንተር (መክቶ ወዲያው መልሶ መምታት) ሆኖ መጣ። ደስ ብሎኛል፤ እዚህ ደሴ ከጓደኛዬ ጋር በምንሠራት ትንሽ የዱላ ፍልሚያ ጌም ሌሊታችንን የሚወስደው ይኸው ነገር ነው።

ከኮምቦልቻ፦ ፓሪ ፈጽሞ አይሆንልኝም። እጄ ቀርፋፋ ይሆን?

እጅህን አትውቀስ ወንድሜ። በሴኮንድ 60 ፍሬም (ነጠላ ምስል) በሚሄድ ጌም አንዷ ፍሬም 17 ሚሊሴኮንድ ገደማ ናት። ሰው አይቶ ቁልፍ እስኪጫን ከ200 እስከ 250 ሚሊሴኮንድ ይፈጅበታል፤ ከ12 እስከ 15 ፍሬም ማለት ነው። ጠላት ክንዱን አንስቶ እስኪያሳርፍ ከዚያ የበለጠ ጊዜ ካልሰጠህ ጥፋቱ የሠሪው ነው።

እኛ መጀመሪያ ለዚህ 10 ፍሬም ብቻ ሰጥተን ነበር። የሞከሩልን ልጆች በሙሉ ተቀጠቀጡ። ከዚያ 24 አደረግነው። ዱላው ከትከሻ ኋላ ሄዶ ለአፍታ ቆም ይላል፣ ከዚያ ይወርዳል። በዚያው ምሽት መመከት ጀመሩ። ያቺ ቆም ማለት ናት ሁሉም ነገር። አንተም ዱላውን አትከተል፤ ትከሻውን እይ።

ከወልድያ፦ ሴኪሮ ከባድ ሆኖ ሳለ ለምን እንዲህ ይጣፍጣል?

መመከቱ ራሱ ማጥቃት ስለሆነ ነው። እ.ኤ.አ. በ2019 የወጣው የሰይፍ ፍልሚያ ጌም ሴኪሮ ላይ በሰዓቱ በመከትክ ቁጥር የጠላት ሚዛን ይናጋል። የመናጋቱ መለኪያ ሲሞላ ለመጨረሻው ምት ይጋለጣል። ሸሽተህ ከቆየህ ግን ሚዛኑን መልሶ ያገኛል። ስለዚህ እዚያው ፊቱ ትቆማለህ።

ሌላው ሪትሙ ነው። መንዙማ ላይ ተቀምጠህ ታውቃለህ፤ ድቤው ሲመታ እጅህ ሳታስበው ያጨበጭባል። ሴኪሮም ሲገባህ እንደዚያ ነው። ብረት ከብረት ሲጋጭ በጆሮህ ትከተለዋለህ። ቁልፉን ዝም ብለህ ብትቀጠቅጥ ደግሞ ጌሙ የመመከቻ ጊዜህን (ቁልፍ ከተጫንክ በኋላ ምቱ የሚመከትበትን ቅጽበት) ያጠብብሃል። ጌሙ እንዲህ ማድረጉ ትክክል ነው እላለሁ።

ከደሴ፣ ሆጤ፦ የመጀመሪያው አሳሲንስ ክሪድ ላይ ቆሜ እየጠበቅሁ ሁሉንም ጨረስኳቸው። ግን ሰለቸኝ።

እ.ኤ.አ. የ2007ቱ ጌም ላይ ካውንተር ብዙ ጊዜ በአንድ ምት ይገድላል፤ ጠላቶቹም ባብዛኛው ተራ ጠብቀው ነው የሚመጡት። መጠበቅ ከማጥቃት ከበለጠ ተጫዋች ይጠብቃል፣ ምን ያድርግ? መፍትሔው ሁሉም ምት የሚመከት እንዳይሆን ማድረግ ነው። እ.ኤ.አ. የ2018ቱ ጎድ ኦፍ ዋር ላይ ቀይ ክብ ካየህ ጋሻ አያድንህም፤ ዞር ማለት አለብህ። ቢጫ ከሆነ ጋሻህን ያስከፍታል፣ በሰዓቱ ከመከትከው ግን ይመለሳል። በየምቱ ትወስናለህ ማለት ነው።

ከሐይቅ፣ የጌም ቤት ባለቤት፦ ልጆቹ አንደኛው ቲቪ ላይ ፓሪ አይሠራም እያሉ ይጣላሉ።

ጋሼ፣ ልጆቹ እውነታቸውን ነው። ብዙ ቲቪ ምስሉን ለማሳመር ሲል ያዘገየዋል። ልጁ ሲያየው ምቱ አልፏል። ሴቲንግ ውስጥ ገብተው "ጌም ሞድ" የሚለውን ያብሩት። ከሌለው ያንን ቲቪ ለኳስ ጌም ይተዉት።

ከከሚሴ፦ ጌም መሥራት እየጀመርኩ ነው። የመመከቻ ጊዜውን ስንት ላድርገው?

ከ10 ፍሬም ጀምሪና (ይህ ጠላት ክንዱን የሚያነሳበት ጊዜ አይደለም) ሰው እያስሞከርሽ አስተካክይ። ቀድሞ የተጫነ ሰው ግን ሙሉ ምት አይቅመስ፤ ተራ መከላከል ይቆጠርለት። በትክክል ሲመክት ደግሞ ምስሉ ለሦስት፣ ለአራት ፍሬም ቀጥ ይበል። እኛ ይህንን የጨመርን ቀን አንድ ልጅ መቆጣጠሪያውን አስቀምጦ "ተሰማኝ!" አለ። ድምፁ የሁለት ወይራ ዱላ ግጭት ነው፤ ጓሯችን ውስጥ በስልክ ቀድተነው።