«እነዚያ አራቱ የት ሄዱ?»

ልጆቼ፣

ሰሞኑን አንዲት የሕግ ተማሪ ጥያቄ ላከችልኝ። ልብ ወለድ እየጻፈች ነው። በታሪኳ ውስጥ ጊዜ እንደ ዛፍ ቅርንጫፍ ይከፈላል፤ ሰዎችም ከአንዱ መስመር ወደ ሌላው መሻገር ይችላሉ። በአንደኛው መስመር አንድ ሰው በንዴት ነፍስ ያጠፋል፤ ሳይፈረድበትም ይሞታል። በሌላኛው መስመር ልክ በዚያች ቅጽበት ስልኩ ይጮኻል። ስልኩን ሲያነሳ ንዴቱ ይበርድለታል። ያው ሰው፣ ያው ቀን፣ ያው ቂም። «የሟች ቤተሰቦች ያኛው ያልገደለው ሰውዬ ተላልፎ ይሰጠን ቢሉ ፍርድ ቤት ምን ይበላቸው?» ትለኛለች።

መልሱ ቀላል መሰለኝ። «አይሰጥም» ብዬ ልልክላት ነበር። ግን ጥያቄው የቆየ ነገር ቀሰቀሰብኝ፤ ደብዳቤውም ለእሷ ብቻ መሆኑ ቀረ።

ጥብቅና ከጀመርኩ ብዙም ሳልቆይ፣ ልጃቸው የሞተችባቸውን አንድ አባት ወክዬ ተከራክሬ ነበር። ልጅቷ ሕክምና ቦታ በጊዜ ደርሳለች። ዞር ብሎ ያያት ግን አልነበረም። ሰዓታት አለፉ። ቸልተኝነቱን ማስረዳት አልከበደንም፤ መዝገቡ ራሱ ይናገር ነበር። የከበደን ሌላ ነው። ዳኛው የሕክምና ባለሙያውን «ወዲያው ብትታይ ኖሮ ትድን ነበር?» ብለው ጠየቁት። ምስክሩ ቸኩሎ አልመለሰም። ሐቀኛ ሰው ነበር። «ከአሥር አራት ያህል ዕድል ነበራት» አለ።

በዚያ መልስ ጉዳያችን አለቀ። የማስረጃው ሚዛን የሚጠይቀው «መዳኗ ካለመዳኗ ይበልጥ ነበር» የሚል ድምዳሜ ነው። ከአሥር ስድስት ቢል ሙሉ ካሳ ይፈረድ ነበር። አራት ስላለ ምንም።

ከችሎት ስንወጣ አባትየው ክንዴን ያዙኝ። አልተቆጡም። «ልጄ፣ እነዚያ አራቱ የት ሄዱ?» አሉኝ። እኔ ስለ ይግባኝ ቀነ ገደብ አወራሁላቸው። እሳቸው የጠየቁኝ ስለ ይግባኝ አልነበረም። እስከ ዛሬ የሚቆጨኝ መሸነፋችን አይደለም። ያ ጥያቄ የትም መዝገብ ላይ አለመስፈሩ ነው። በዚያ ክርክር ከተባለው ሁሉ ትክክለኛው የሕግ ጥያቄ እሱ ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1987 የእንግሊዝ ከፍተኛ ዳኞች ይኸው ነገር ገጥሟቸዋል። ከዛፍ የወደቀ የ13 ዓመት ልጅ ጉዳቱ በጊዜ ሳይታወቅለት ቀረ። በጊዜ ቢታወቅለት የመዳን ዕድሉ 25 በመቶ ነበር። የሥር ፍርድ ቤት የካሳውን ሩብ ፈረደለት፤ የበላዮቹ ሻሩት። የፈረንሳይ ፍርድ ቤቶች ግን ያመለጠን ዕድል ራሱን እንደ ጉዳት ይቆጥሩታል። እኔ ከፈረንሳዮቹ ጋር ነኝ። አባትየውን ካየሁ በኋላ ሌላ ወገን ልይዝ አልችልም።

አንድ የሕግ መምህር ነበሩን። «ይህ ባይሆን ኖሮ» የሚል ሐረግ ወረቀታችን ላይ ካዩ በቀይ ይሰርዙታል። «ያልሆነውን ማን አየው?» ይሉ ነበር። እጃቸው ሲንቀጠቀጥ እንኳ ቀዩን እስክሪብቶ አልጣሉትም። በጣም እወዳቸው ነበር። በዚህ ግን አልስማማም። ሕግ ያልሆነውን ሲመረምር ነው የሚውለው። ፖላንድ የጀርመኖችን የኾርዙፍ ፋብሪካ በወሰደችበት ጉዳይ፣ ቋሚው የዓለም አቀፍ ፍትሕ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1928 ምን አለ? ካሳ የጥፋቱን ውጤት ሁሉ መፋቅ አለበት፤ ጥፋቱ ባይፈጸም ኖሮ ሊኖር የሚችለውን ሁኔታ መመለስ አለበት። ዳኞቹ ሌላ የጊዜ መስመር ሄደው እንደማየት ነው። የፊዚክስ ሊቁ ሂዩ ኤቨሬት ዓለማት ይበዛሉ የሚባለውን ሐሳብ መነሻ ያሳተመው ከዚያ ወዲህ፣ እ.ኤ.አ. በ1957 ነው።

እንግዲህ ወደ ተማሪዋ ልመለስ። በእሷ ዓለም ሌላው መስመር ግምት አይደለም። ተሻግረሽ የምታይው ነገር ነው። ያልገደለው ሰውዬ እዚያ በሰላም ይኖራል። እንግሊዛዊው ፈላስፋ ጆን ሎክ እ.ኤ.አ. በ1694 ባሳተመው ጽሑፍ፣ ሰው የሚጠየቀው «እኔ ነኝ ያደረግሁት» ብሎ ኅሊናው እስከሚደርስበት ድርጊት ድረስ ነው ብሏል። ስልኩን ያነሳው ሰው ኅሊና ውስጥ ግድያው የለም። ስለዚህ ነፃ ነው።

ግን እዚህ ላይ ቀላል ያልኩት ነገር ይከብደኛል። ሁለቱን የለያቸው ስልክ ብቻ ነው። ፈላስፎቹ በርናርድ ዊሊያምስና ቶማስ ኔግል እ.ኤ.አ. በ1976 ያነሱት ክርክር ይኸው ነው፤ ጥፋተኛ የሚያደርገን ስንት ነገር በእጃችን የለም! በሌላ በኩል ደግሞ ያኛው ሰውዬ መታቀብ ከቻለ፣ ገዳዩም ይችል ነበር ማለት ነው። ሌላው ዓለም በዚህኛው ላይ ይመሰክራል። መመስከሩን እቀበላለሁ። ክስ መመሥረቱን ግን አልቀበልም።

እናንተ ላይ አንድ ቅሬታ አለኝ። ፍርድ ላይ ትቸኩላላችሁ። የአንድ ደቂቃ ቪዲዮ አይታችሁ በሰው ሙሉ ሕይወት ላይ ትፈርዳላችሁ። ሰው ሊያደርገው ይችል በነበረው ነገር ይጠየቅ ካላችሁ ደግሞ ማን ይቀራል? የሆነ መስመር ላይ ሁላችንም ስልኩ አልጮኸልንም። ይህን ስል ግን የእኛ ትውልድ ይሻል ነበር ማለቴ አይደለም። እኛ እንዲህ ያለ ጥያቄ ለመጠየቅ እንኳ ድፍረቱ አልነበረንም።

ሁለቱንም ወገን ስሙ፣ ማስረጃ መርምሩ የሚለውን አልደግምላችሁም። ታውቁታላችሁ። ለተማሪዋ ግን የምጨምረው አለኝ። ያንን አባት ታሪክሽ ውስጥ አስገቢያቸው። በአንቺ ፍርድ ቤት ከአሥሩ መስመሮች በአራቱ ልጃቸው በሕይወት አለች። አራቱ የት እንደሄዱ ይታያል። ያጡት ነገር የለም የሚል ዳኛ አይኖርም፤ ካሳ ይገባቸዋል። ልጅቱን ግን መውሰድ አይችሉም። እያንዳንዷ እዚያ የራሷ አባት አላት። ያልገደለውን ሰውዬም ለሟች ቤተሰብ የማንሰጠው በዚሁ ምክንያት ነው። እሱ የገዳዩ ምትክ አይደለም፤ እሷም የሟቿ ምትክ አይደለችም።

ዳኛሽ ይህንን ለአባትየው ፊት ለፊት ይንገራቸው። ከእሳቸው አፍ የሚወጣውን መልስም ጻፊው። ያንን ገጽ አትዝለይው።