የሰማይና የጊዜ ሊቃውንት ማኅበር ፈጥሬያለሁ፣ ምን ላሠራቸው?

ጥያቄ፦ ሰላም ለዝግጅት ክፍሉ። ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው። ታሪኩ ሰማይንና ጊዜን ስለሚያጠኑ ሊቃውንት ማኅበር ነው፤ አገሩም ሰዎቹም የፈጠራ ናቸው። ካባ አልብሻቸዋለሁ፣ ማኅተም ሰጥቻቸዋለሁ፣ የመግቢያ መሐላም ጽፌላቸዋለሁ። ረቂቁን ያነበቡልኝ ጓደኞቼ ግን "ቆንጆ ነው፣ ግን እነዚህ ሰዎች ቀኑን ሙሉ ምንድን ነው የሚሠሩት?" አሉኝ። መልስ አጣሁ። (ጀማሪ ጸሐፊ ነኝ)

መልስ፦ ጓደኞችሽ ዋናውን ነገር ነው የጠየቁሽ። ካባውና መሐላው ይቆይና መጀመሪያ ይህን መልሺ፤ እነዚህ ሰዎች ማኅበር ለምን አስፈለጋቸው? ኮከብ ማየትማ አንድ ጎበዝ ሰው ብቻውን ጣሪያ ላይ ወጥቶም ይችላል። ማኅበር የግድ የሚሆነው ሥራው ከአንድ ሰው ዕድሜ ሲረዝም ነው። ሰማይ ላይ ደግሞ እንዲህ ያለ ሥራ ሞልቷል።

ሂፓርከስን እንይ። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ2ኛው ክፍለ ዘመን የኖረ ግሪካዊ የከዋክብት ተመራማሪ ነው። ስፓይካ የምትባለው ኮከብ ያለችበትን ቦታ ለካና፣ ከእሱ 150 ዓመት ገደማ ቀደም ብሎ ቲሞካሪስ የሚባል ሰው ከመዘገበው ጋር አስተያየው። 2 ዲግሪ ያህል ፈቀቅ ብላለች። ይህንን አንድ ሰው ዕድሜውን ሙሉ ቢያፈጥ ልብ ሊለው ይቸግረዋል፣ ምክንያቱም 1 ዲግሪ ለመፍቀቅ ወደ 72 ዓመት ይፈጃል። ነገሩ የሚሆነው የምድር ዛቢያ ሊቆም እንደተቃረበ እንዝርት ዘመም ብሎ ስለሚዞር ነው፤ አንዱን ዙር ለመጨረስ 26,000 ዓመት ያህል ይወስድበታል። እንግዲህ ግኝቱ በሂፓርከስ ስም ይጠራል፣ ግማሹ ሥራ ግን የቲሞካሪስ ነው። እሱም ቁጥሩን ሲጽፍ ከዚያ ምን እንደሚወጣ ሊያውቅ አይችልም ነበር።

ባቢሎናውያን ከዚህም አልፈው ሄደዋል። በሸክላ ጽላት ላይ የጨረቃን፣ የፕላኔቶችንና የግርዶሾችን ነገር ለብዙ መቶ ዓመታት ሳይታክቱ ጽፈዋል። በጣም የምወደው ግን ይህን ነው፦ ደመና ሲሆን ደመና መሆኑን ይጽፋሉ። ሳያዩ ከቀሩም አላየንም ብለው ይጽፋሉ። የዘመናችን ተመራማሪዎች ደግሞ እነዚህንና የቻይናን የመሳሰሉ የድሮ የግርዶሽ መዛግብት ይዘው ምድር ምን ያህል እየዘገየች እንደሆነ አሰሉበት። ቀናችን በየ100 ዓመቱ ከ2 ሚሊሰከንድ ትንሽ ባነሰ ይረዝማል። ሲሰሙት ምንም አይመስልም፣ ግን እየተጠራቀመ በ2,700 ዓመት ውስጥ የግርዶሹን ሰዓት በሰዓታት ያዛባዋል።

ስለዚህ ለማኅበርሽ ከመሐላው በፊት አንድ ደንብ ስጪ፦ ያየኸውን ጻፍ፣ የገመትከውን ለብቻው ጻፍ። ከዚያ አንዲት አዲስ ተማሪ አስገቢ። ክረምት ነው። ማታ ማታ ትወጣለች፣ ታንጋጥጣለች፣ "ደመና" ብላ ጽፋ ትገባለች። ለሳምንታት ይኸው ነው። አንድ ቀን ይሰለቻትና ሳትወጣ "ደመና" ትላለች። ያን ሌሊት ሰማዩ ጠርቶ ነበር። እመኚኝ፣ ይህ ከማኅተሙ ሁሉ ይበልጣል።

ጥያቄ፦ ማኅበሬ ያለው ተራራ ላይ የተሠራ አንድ ቤት ብቻ ነው። ይበቃል?

መልስ፦ ይበቃል፣ ግን ዋጋ ያስከፍላል፤ ለታሪክሽ ደግሞ ዋጋው ሲሳይ ነው። ግርዶሾች ከ18 ዓመት ከ11 ቀን ከ8 ሰዓት ገደማ በኋላ ተመሳሳያቸው ይመጣል። ጣጣው ያለው 8 ሰዓቷ ላይ ነው። በእነዚያ ሰዓታት ምድር ሌላ ሲሶ ዙር ስለምትዞር ቀጣዩ ግርዶሽ የሚውለው በሌላ የዓለም ክፍል ሰማይ ላይ ነው። ወደዚያው አካባቢ የሚመለሰው ይህ የ18 ዓመት ዑደት ሦስት ጊዜ ካለፈ በኋላ፣ ማለትም ከ54 ዓመት ከአንድ ወር ገደማ በኋላ ነው። በመሃል ሌሎች ግርዶሾች ይታያሉ፣ የዚያኛው ወገን ግን አይደሉም። በ20 ዓመቱ ያየውን ግርዶሽ በ74 ዓመቱ የሚጠብቅ ሽማግሌ ይኑርሽ። ወይም ሦስት ቤት ሥሪና በደብዳቤ አገናኛቸው፤ ደብዳቤው ሲዘገይ የሚፈጠረውን አንቺ ታውቂያለሽ።

ጥያቄ፦ ዘመናዊ ሰዓት የላቸውም። ሌሊቱን በምን ይለኩት?

መልስ፦ በውሃ ሰዓትና በከዋክብት። የውሃ ሰዓት ተንኮል አለው፤ ዕቃው እየጎደለ ሲሄድ ውሃው ቀስ እያለ ይወርዳል፣ ሲበርድም ይዘገያል። መላው የላይኛውን ዕቃ ሁልጊዜ ሙሉ አድርጎ ትርፉ በጎን እንዲፈስ ማድረግ ነው። ከዚያ በኮከብ ያመሳክሩታል። አንድ ኮከብ ከትናንቱ 4 ደቂቃ ያህል ቀድሞ ይወጣል፤ ይህን ያልቆጠረ ሰዓት ጠባቂ በአንድ ወር ውስጥ 2 ሰዓት ይሳሳታል።

ጥያቄ፦ በመጨረሻ እንዲጣሉ እፈልጋለሁ። በምን ይጣሉ?

መልስ፦ በመዝገቡ። ዴንማርካዊው የከዋክብት ተመራማሪ ቲኮ ብራሄ ቴሌስኮፕ ከመምጣቱ በፊት የፕላኔቶችን ቦታ ለዓመታት ሲለካ ኖሮ እ.ኤ.አ. በ1601 ሞተ። መዝገቡ ረዳቱ በነበረው በኬፕለር እጅ ገባና ወራሾቹ የእኛ ነው ብለው ተነሱ። ኬፕለር በዚያ መዝገብ የማርስን መንገድ ክብ አድርጎ ሲያሰላ ስሌቱ ከልኬቱ ጋር አልገጥም አለው። ልዩነቱ የሙሉ ጨረቃን ስፋት ሩብ ያህል ብቻ ነበር። ሌላ ሰው ቢሆን ለካዩ ተሳስቷል ብሎ ያልፈው ነበር። ኬፕለር ግን ቲኮ ይህን ያህል አይሳሳትም አለና ክቡን ጣለው፤ የማርስ መንገድ ሞላላ መሆኑን በ1609 አሳተመ።

አንቺም የመዝገቡ ሣጥን ቁልፍ ማን ዘንድ እንደሚያድር ወስኚ። ሽማግሌው ሲሞት ልጁ ቁልፉን ይያዝ፣ ስሌቱን የሚችለው ግን ተማሪው ይሁን። ሁለቱም እውነት ይኑራቸው፣ አንዱን ክፉ አታድርጊው። ሁለተኛውን ረቂቅ ስትጨርሺ ላኪልን፣ እናነበዋለን።