«ይጫወት ነበር» ወይስ «ተሰልፎ ነበር»? የሁለት ኦቨሩ ሰው ያመጣው ጣጣ

ከሲልቨር ስፕሪንግ የደረሰኝ ጥያቄ ይህ ነው፦

«ጤና ይስጥልኝ መምህር። መሥሪያ ቤት ክሪኬት የሚወዱ የሕንድና የፓኪስታን ልጆች አሉ፤ ከእነሱ ጋር ስውል እኔም ለመድኩት። ስለ ፍሬድ ሃይላንድ አንድ ገጽ በአማርኛ ጻፍኩና ለወዳጆቼ ላክሁ። አጀማመሬ ‹ፍሬድ ሃይላንድ በ1924 በጋ ለሃምፕሻየር አውራጃ ክሪኬት ይጫወት ነበር› የሚል ነው። አንዱ ወዳጄ ‹ይጫወት ነበር ይባላል እንዴ?› ብሎ ሳቀብኝ። ሌላዋ ደግሞ ‹አውራጃ› የምትለው ቃል አልጣመቻትም። ማንን ልስማ?»

ሁለቱንም ይስሙ። ሳቁ ግን ለምን እንደመጣ እንዲገባን መጀመሪያ የሰውየውን ታሪክ ላላወቀ ላውጋ።

ፍሬድ ሃይላንድ የደቡብ እንግሊዙ ሃምፕሻየር ቡድን በ1924 እ.ኤ.አ. ያሰለፈው ባለሙያ ተጫዋች ነው። ግጥሚያው ኖርዝሃምፕተን ከተማ ላይ፣ ከኖርዝሃምፕተንሻየር ጋር ነበር። ያኔ የካውንቲ (አውራጃ መሰል የእንግሊዝ ግዛት) ቡድኖች ግጥሚያ ሦስት ቀን ይፈጅ ነበር። ባለሜዳዎቹ ዱላ ይዘው ገቡ፣ ሃምፕሻየሮች ሊወረውሩና ኳስ ሊያሳድዱ ሜዳ ላይ ተበተኑ። ሁለት ኦቨር ተወረወረ። አንድ ኦቨር ስድስት ውርወራ ነው፤ ስለዚህ ሁለቱ ኦቨር አሥራ ሁለት ውርወራ፣ ጊዜው ደግሞ አሥር ደቂቃ ቢሞላ ነው። ኖርዝሃምፕተኖች አንዲት ነጥብ አገኙ። ከዚያ ዝናብ መጣ፣ ጨዋታውም በዚያው ቀረ። ሃይላንድ በአንደኛ ደረጃ ክሪኬት ሁለተኛ አልተሰለፈም። ዱላ ሳይጨብጥ፣ አንድም ኳስ ሳይለጋ አበቃለት። በየዓመቱ የሚታተመው የክሪኬት መዝገብ ዊዝደን፣ ሰውየው በ1964 በ70 ዓመቱ ሲሞት ይህንኑ በአጭሩ አስፍሮለታል።

እንግዲህ ለዚህ ሰው «ይጫወት ነበር» ሲባል ወዳጅዎ ቢስቅ አይፈረድበትም። «አያቴ ከጎንደር መተማ ይነግድ ነበር» ብልዎት ምን ይታይዎታል? በቅሎ፣ ጭነት፣ ስንት ዓመት የተመላለሰ ሰው። አንድ ጊዜ ሄዶ ከስሮ የተመለሰ ከሆነ ግን «ነግዷል» ወይም «አንድ ጊዜ ነግዶ ነበር» ነው የምለው። «ይ…ነበር» ልማድን ይዞ ይመጣል። የእርስዎ ዓረፍተ ነገር የአሥር ደቂቃውን ሰው አንጋፋ አደረገው። እንግሊዝኛው እዚህ ላይ ዝም ይላል፤ በአንድ የኃላፊ ግሥ አንድ ቀንም አሥር ዓመትም ይሸፍናል። አማርኛ ግን «ስንት ጊዜ?» ብሎ ሳይጠይቅ አያሳልፍም። ከእንግሊዝኛ የምንመልስ ሰዎች ብዙ ጊዜ የምንሰናከለው እዚሁ ነው። እኔም በወጣትነቴ የአንድ ሳምንት ሚኒስትርን «ሚኒስትር ሆኖ ያገለግል ነበር» ብዬ መልሼ፣ አርታኢዬ ዳር ላይ በቀይ «እስከ መቼ?» ብሎ ጽፎብኛል።

አንድ ነገር ግን ልብ ይበሉ። «ዝናቡ ሲመጣ ሃይላንድ ይጫወት ነበር» ቢሉ ስሕተት የለበትም። እዚያ ላይ ልማድ ሳይሆን በመካሄድ ላይ ያለ ድርጊት ነው የሚነገረው። «ሲመጣ» የሚለው ቃል ነው ያዳነዎት። እሱን ካነሡት ያው ልማዱ ተመልሶ ይመጣል።

ታዲያ ምን ይባል? «ተጫውቶ ያውቃል» የሚለው አነጋገራችን ለአንድ ጊዜ ገጠመኝ የተፈጠረ ነው፤ «አሰብ ሄደህ ታውቃለህ?» እንደምንለው። ግን ለእኔ ጆሮ የሕያው ሰው ሽታ አለው። የሞተ ሰው ምን ያውቃል? «ሊጫወት ነበር» ደግሞ አንጀት የሚበላ ነው፣ ለእውነቱም ይቀርባል። ቢሆንም ሃይላንድን ይበድለዋል፤ ሜዳ ገብቷልና።

እኔ የምመርጠው «ተሰለፈ» የሚለውን ነው። የስፖርት ጋዜጠኞቻችን በየቀኑ ይሉታል፤ «በመጀመሪያው አሰላለፍ ተሰልፏል» እያሉ። ቃሉ ከጥንት የጦር ቃል ነው። መዝሙረ ዳዊት «በሰልፍ ኃያል» ሲል በውጊያ ኃያል ማለቱ ነው። ዛሬ ዳቦ ለመግዛትም እንሰለፋለን፣ ያ ሌላ ጉዳይ ነው። ዋናው ነገር መሰለፍ ቦታ መያዝን ብቻ ነው የሚናገረው። የተሰለፈ ወታደር ጥይት ሳይተኩስ ጦርነቱ ሊያበቃ ይችላል። ሃይላንድ ያደረገው ልክ ይህንን ነው፦ ተሰለፈ፣ ቆመ፣ ዘነበ።

ከላይ «ሳይለጋ» ማለቴንም አስተውለው ይሆናል። ብዙዎች ክሪኬትን ሲተርኩ «መታ» ይላሉ፤ ስሕተት አይደለም። ግን ገና ስንጫወት ሩር ስንለጋ ያደግን ሰዎች፣ ዱላ ለያዘ ሰው ከ«ለጋ» የተሻለ ምን ግሥ አለን? ነጥቡንም «ሩጫ» ብለው አይተርጉሙት። ሁለቱ ዱላ የያዙት እየሮጡ ቦታ ስለሚለዋወጡ ነው እንግሊዞቹ እንዲያ የሚሉት። ለእኛ ግን «አንድ ሩጫ አገኙ» ሲባል ኃይሌና ደራርቱ ናቸው የሚመጡብን።

ወደ አውራጃዋ እንምጣ። በንጉሡ ጊዜ ጠቅላይ ግዛት፣ ከሥሩ አውራጃ፣ ከዚያ ወረዳ ነበረን። ስለ አስተዳደር ቢጽፉ ሃምፕሻየርን አውራጃ ቢሏት አልጣላዎትም። ነገር ግን እርስዎ ራስዎ ሲልቨር ስፕሪንግ ነዎት፤ ሞንጎምሪ ካውንቲን «ሞንጎምሪ አውራጃ» የሚል አበሻ እስካሁን አልገጠመኝም። ቃሉ እንደ ባንክና እንደ ፖሊስ ገብቶ ተቀምጧል። ከሁሉ በላይ እዚህ ላይ ሃምፕሻየር የቡድን ስም ነው እንጂ የመሬት ስም አይደለም። «ጊዮርጊስ ቡናን አሸነፈ» ሲባል ሰማዕቱንና ስኒውን የሚያስብ የለም። «ለሃምፕሻየር ተሰለፈ» ይበቃል። አውራጃም ካውንቲም አያስፈልግም።

ካውንቲ የሚያስፈልግዎ ስለ ደረጃው ሲጽፉ ነው። ዛሬ በአንደኛ ደረጃ የሚወዳደሩ 18 ካውንቲዎች አሉ። ከእነሱ ውጪ ያሉትን እንግሊዞች እስከ ቅርብ ጊዜ «አነስተኛ» በሚል ቅጽል ይጠሯቸው ነበር፤ በ2020 ስሙን «ብሔራዊ ካውንቲዎች» ብለው ለወጡት። አንዳንዱ «ንዑስ ካውንቲ» ብሎ ሲተረጉም አያለሁ። ንዑስ ኮሚቴ በኮሚቴ ሥር እንደሚያድር፣ ንዑስ ካውንቲም በሌላ ካውንቲ ሥር ያለ ይመስላል፤ አይደለም። «ትንሽ ካውንቲ»ም ውሸት ነው። ዴቨንና ሊንከንሻየር በስፋት አንደኛ ደረጃ ያለውን ሰሪን ያስንቃሉ፤ ግን ከ18ቱ ውስጥ የሉበትም። ትንሽነቱ የውድድሩ እንጂ የመሬቱ አይደለም። «ሁለተኛ ደረጃ ካውንቲ» ቢሉ ይሻላል።

ደረጃውም ቢሆን ግሡን አይወስነውም። ሲድኒ ባርንስ በሁለተኛ ደረጃው ስታፎርድሻየር ብዙ ዓመት ኳስ ወርውሯል። ለእንግሊዝ ብሔራዊ ቡድን ደግሞ በ27 ግጥሚያ 189 ዊኬት ወስዷል፤ ማለትም ያን ያህል ሰው ከሜዳ አስወጥቷል። ለባርንስ «ለስታፎርድሻየር ይጫወት ነበር» ማለት ሙሉ በሙሉ ያምርበታል። የሚለካው ደረጃው ሳይሆን ስንት ጊዜ መመላለሱ ነው።

ያልጠየቁኝን ሁለት ነገር ልጨምር። አንዱ «በ1924 በጋ» ያሉት ነው። በጋ ለእኛ ደረቅ ወቅት ነው። አንባቢዎ በጋ ብሎ ጀምሮ ሁለት መስመር ዝቅ ሲል ዝናብ ጨዋታ ሲያቋርጥ ቢያገኝ ግራ ይገባዋል። የእንግሊዝ የክሪኬት ወራት ከእኛ ክረምት ጋር ይገጣጠማሉ። ወቅቱን ትተው «በ1924 እ.ኤ.አ.» ይበሉ፤ እ.ኤ.አ.ንም አይርሱ። ሁለተኛው፣ መግቢያዎ ላይ «ይጫወት» ያሉትን ሰው መጨረሻ ላይ «አረፉ» ብለውታል። ስፖርተኛን በ«እሱ» መጥራት ልማዳችን ነው፤ የ70 ዓመት ሟችን አንቱ ማለትም ልማዳችን ነው። አንድ ጽሑፍ ውስጥ ግን ሁለቱን አያጋቡ። አንዱን ይያዙና እስከ መጨረሻ ይሂዱበት። እኔ በ«እሱ» ሄጃለሁ፤ «ሞተ» ማለትም ንቀት አይደለም።

እንግዲህ መግቢያው «ፍሬድ ሃይላንድ በ1924 እ.ኤ.አ. ለሃምፕሻየር አንድ ጊዜ ተሰለፈ» ይሁን። «ይ…ነበር» ከእጅዎ እንዳይወጣ ከፈለጉ ደግሞ ቦታ አለው። ሃይላንድ ክሪኬቱን ከተወ በኋላ ቼሻየር ውስጥ ችግኝ በማፍላት ስም አወጣ። ስለዚህ ቀጥለው «ቼሻየር ውስጥ ችግኝ ያፈላ ነበር» ብለው ይጻፉ፤ ማንም አይስቅብዎትም።