ልብስ አጣቢዋ አያቴና የባለቤቴ እህት

ጤና ይስጥልኝ፣

ትዕግሥቴ አልቋል። የባለቤቴ እህት በየዓመቱ የካቲት 12 ቤታችን ቡና ስትጠጣ ያንኑ ወሬ ታነሳለች። «የኛ አያት ዱር ቤቴ ብለው ጣሊያንን ተዋጉ፤ የአንዳንዱ ሰው አያት ደግሞ የጣሊያን ካልሲ ታጥብ ነበር» ትላለች። አንዳንዱ ሰው እኔ ነኝ። አያቴ አራዳ ለአንድ መኮንን ልብስ ታጥብ ነበር፤ አልካድኩም። ዘንድሮ ደግሞ እንግዳ ፊት ደገመችው። ባሌ ስኒውን እያየ ዝም! ስትሄድ «ቀልድ ነው፣ አታካብጂው» አለኝ። ሁለቱ ቤተሰቦች የአንድ ግቢ ሰዎች ነበሩ። አያታቸው ዱር ሲገቡ አማቴ ሕፃን ሆነው እኛ ቤት ይበሉ ነበር ይባላል፤ እሱስ የድሮ ነገር ነው። ንቀቷን ግን አልቻልኩትም። ቤቴ እንዳትመጣ ልንገራት? ደግሞ ያን ቀን ማታ ትንሿ ልጄ «እማዬ፣ ቅድመ አያቴ ባንዳ ነበረች?» አለችኝ። ምን ልበላት?

ከአራት ኪሎ

እህቴ፣

«እሱስ የድሮ ነገር ነው» አልሽ? አማትሽ የበሉት እንጀራ እኮ የተገዛው በዚያ ካልሲ ነው። በእህቲቱ ሳይሆን በባልሽ ተናድጃለሁ።

በ1929 አብርሃ ደቦጭና ሞገስ አስገዶም ገነተ ልዑል ግቢ ግራዚያኒ ላይ ቦምብ ሲወረውሩ ጣሊያኖች ለ3 ቀን ከተማውን ፈጁት። ቤት በቤንዚን አቃጠሉ። ያኔ አዲስ አበባ የቀረው ማን ነበር? አጣቢ፣ ጉሊት ቸርቻሪ፣ የአርበኛ ሚስትና ልጅ። ዱር የገባው ጠመንጃ ነበረው፤ እነዚህ የነበራቸው ጎረቤት ብቻ ነው።

አያትሽ በየቀኑ መኮንኑ ቤት ትገባ ነበር። ግቢዋ ውስጥ ደግሞ የአርበኛ ልጆች አሉ። አንድ ቃል ብትተነፍስ ሽልማት ታገኝበት ነበር። እሷ ግን ልጆቹን አበላች። ባንዳ እንዲህ አያደርግም።

ደግሞ በንዴት አርበኛ እንዳታደርጊያት። እነ ሸዋረገድ ገድሌ ከተማው ውስጥ ሆነው ለአርበኞች ጥይትና መረጃ ሲልኩ ተይዘው ጣሊያን አገር እስካለው አዚናራ ደሴት ተግዘዋል። ስለ አያትሽ እንዲህ ያለ ነገር የነገረሽ የለም፤ አትጨምሪ። ለልጅሽ «ልብስ አጣቢ ነበረች፤ የአባትሽን አባት በክፉ ቀን አብልታለች» በያት። ዛሬውኑ!

በርሽን አትዝጊ፣ ትምጣ። መልሱን ግን ባልሽ ይስጣት፤ አባቱ ናቸው የበሉት። እምቢ ካለ ለዓመቱ የካቲት 12 ቡናውን ራሱ ያፍላላት።