«ቴሌቪዥን ላይ ከወጣሽ ስምሽ ይጠፋል» ለተባለችው የፊዚክስ ተማሪ

ውድ ጠያቂያችን፣

የማስተርስ ተማሪ ነሽ፤ በአማርኛ የሳይንስ ፕሮግራም እንድታቀርቢ ተጠይቀሻል። አማካሪሽ ግን የአሜሪካዊውን የሥነ ፈለክ ተመራማሪ የካርል ሴጋንን ዕጣ ጠቅሰው፣ የቴሌቪዥን ዝናው በሳይንቲስቶች ዘንድ ዋጋ አስከፍሎታል ብለው አስጠንቅቀውሻል። ስጋታቸው ከሜዳ የተነሣ አይደለም፤ ሆኖም የሰውየውን ሕይወት በቅደም ተከተል ማየት ይበጃል። ዓመቶቹ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ሃርቫርድ ለሴጋን ቋሚ መምህርነት የነፈገው በ1968 ነው። ዝናውን ያገነነው ባለ 13 ክፍሉ የቴሌቪዥን ፕሮግራም «ኮስሞስ» የተላለፈው ግን በ1980 ነበር። እንግዲህ ያኔ ጥፋተኛው ይህ ፕሮግራም ሊሆን አይችልም። ወደ ኮርኔል ዩኒቨርሲቲ ተዛውሮም ሥራውን ቀጠለ። በ1992 የአሜሪካ ብሔራዊ የሳይንስ አካዳሚ በአባልነት ሳይቀበለው መቅረቱ የዝና ዋጋ ነው ቢባል ያስኬዳል፤ ያው አካዳሚ ከሁለት ዓመት በኋላ ሳይንስን ለሕዝብ በማድረሱ ሜዳሊያ ሸልሞታል።

ሴጋንን በሳይንስ ዓለም ያጸናው የምርምር ሥራው ነው። በ1960 የዶክትሬት ጽሑፉ ቬነስ እጅግ የጋለችው በሙቀት አማቂ ጋዞች ምክንያት ነው ብሎ ነበር፤ በ1962 መንኮራኩሯ ማሪነር 2 የላከችው መረጃ የፕላኔቷን ግለት ደገፈው። ስለዚህ አንቺም ከቴሲስሽ ቢያንስ አንድ ጽሑፍ በሳይንሳዊ መጽሔት ሳታወጪ መደበኛ አቅራቢ አትሁኚ። እስከዚያው በሳምንት ከአንድ ቀን የማይበልጥ የእንግዳ ተሳትፎ ይበቃል።

እውነተኛው አደጋ ሌላ ቦታ ነው። ሴጋንና አራት ባልደረቦቹ የኑክሌር ጦርነት ጭስ ምድርን ያቀዘቅዛል የሚለውን ጥናት «ሳይንስ» መጽሔት ላይ ያወጡት ዲሴምበር 23 ቀን 1983 ነው። እሱ ግን ውጤቱን ኦክቶበር 30 ቀን ከጋዜጣ ጋር በሚታደል መጽሔት ለሕዝብ ነግሮ ነበር። ሌሎች ተመራማሪዎች ስሌቱን ሳያዩት ክርክሩ አደባባይ ወጣ፤ ብዙዎችንም አስቆጣ።

ከዚያ የባሰው በ1991 መጣ። የኩዌት የነዳጅ ጉድጓዶች ከተቃጠሉ ጭሱ ወደ ላይኛው ከባቢ አየር ወጥቶ የደቡብ እስያን እርሻ ሊጎዳ ይችላል ሲል በቴሌቪዥን ጭምር አስጠነቀቀ። ከ600 በላይ ጉድጓዶች ነደዱ፤ በአካባቢው ሰማዩ በቀትር ጠቆረ፣ ሙቀቱም ወረደ። ግምቱ ሁሉ የተንጠለጠለው ጭሱ በሚደርስበት ከፍታ ላይ ነበር፤ ጭሱ ደግሞ በአብዛኛው ዝቅ ብሎ ቀረ። እስያም የተፈራው አልደረሰባትም። ሴጋን ራሱ በ1995 በታተመ መጽሐፉ ይህን ከስህተቶቹ ቆጥሮታል፤ ተቺዎቹ ግን እስካሁን ያነሡበታል።

ስክሪፕትሽን ስትጽፊ እያንዳንዱን ዐረፍተ ነገር በሦስት ቀለም ለዪው፦ የተለካ፣ በሞዴል የተሰላ፣ የራስሽ ግምት። የግምት ቀለም ከበዛ ርዕሱ ገና አልበሰለም። ግምቱንና «ይህ ከሆነ» የሚለውን ቅድመ ሁኔታ በአንድ ዐረፍተ ነገር ውስጥ እሰሪያቸው፤ ለየብቻ ካስቀመጥሻቸው ኤዲተሩ ጊዜ ሲያጥረው የሚቆርጠው ቅድመ ሁኔታውን ነው። ያልታተመ ውጤት፣ በተለይ የባልደረባ፣ ስቱዲዮ አይገባም። በቀጥታ ስርጭት ከዘርፍሽ ውጭ ስትጠየቂ «ይህን የሚመልሰው የዘርፉ ባለሙያ ነው» ማለትን ከወዲሁ ተለማመጂ፤ ካሜራ ፊት ዝምታ ስለሚያስፈራ አፍ ቶሎ ይቀድማል።

ከጣቢያው ጋር ከመፈራረምሽ በፊት ሦስት ነገር በጽሑፍ ይኑርሽ፦ ከመተላለፉ በፊት የመረጃ ስህተት የማረም መብት፣ ስፖንሰሩ በይዘቱ እንደማይገባ፣ የዩኒቨርሲቲው ስም በስክሪን ላይ የሚወጣው በፈቃድ ብቻ መሆኑ። የመጀመሪያው መብት ከተከለከለሽ ሥራውን ተዪው፤ ሌሎቹ ላይ መደራደር ይቻላል።

ለአማካሪሽ ደግሞ በክርክር ጊዜ አታባክኚ። ባለቀለሙን የመጀመሪያ ስክሪፕት ከቀረጻው ሁለት ሳምንት አስቀድመሽ ስጫቸውና የማይስማሙባቸውን ዐረፍተ ነገሮች እንዲያሰምሩልሽ ጠይቂያቸው።