«ፋሙሉስ» የሚለው የላቲን ቃል፦ ጥያቄና መልስ

ላቲን የምታነቡና ማንበብ የጀመራችሁ ወዳጆች ስለ አንድ ቃል የፈለጋችሁትን እንድትጠይቁ ጋብዤ ነበር። ቃሉ «ፋሙሉስ» ነው፤ አገልጋይ፣ ሎሌ ማለት ነው። ሮማውያን አገልጋይን ሲጠሩ አብዛኛውን ጊዜ «ሴርቩስ» ስለሚሉ፣ ፋሙሉስን ተማሪዎች ያው ነው ብለው ያልፉታል። እኔ ግን ሁለቱን ያልለየ ሰው ሮማዊውን ገጣሚ ቨርጂልንም ሆነ የላቲኑን ቅዳሴ በትክክል አነበበ አልልም። ለዚህ ነው ጥያቄዎቻችሁን በደስታ የተቀበልኳቸው።

ጥያቄ፦ ሁለቱም አገልጋይ ማለት ከሆኑ ልዩነታቸው ምንድን ነው?

ሴርቩስ የሕግ ቃል ነው። ሰውዬው ነጻ ነው ወይስ የሌላ ሰው ንብረት? ለሚለው ጥያቄ መልስ ይሰጣል። በ533 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ.) የወጣው የንጉሠ ነገሥት ዩስቲንያኖስ የሕግ መማሪያ ቃሉን ሲያብራራ፣ የጦር አዛዦች ምርኮኞችን ከመግደል ይልቅ አትርፈው ስለሚሸጧቸው ከ«ማዳን» ወይም ከ«ማቆየት» ግስ የወጣ ነው ይላል። የዛሬ የቋንቋ ሊቃውንት በዚህ አመጣጥ ባይስማሙም፣ የሕግ ሰዎቹ ቃሉን ሲሰሙ ጦርነትና ገበያ ይታያቸው እንደነበር ግልጽ ነው።

ፋሙሉስ ደግሞ ቤትን ያስታውሳል። የሚነግረን ሰውዬው ለማን እንደሚያድር ነው። በአማርኛ «ለእገሌ አደረ» ስንል የሚሰማን ነገር ለዚህ ቃል በጣም ይቀርባል። ስለዚህ በሽያጭ ውልና በፍርድ ክርክር ውስጥ እምብዛም አታገኙትም፤ በግጥም፣ በጸሎትና ከፍ ባለ ንግግር ውስጥ ግን ይገኛል። በቨርጂል ታላቅ ግጥም በኤኔይድ የመጀመሪያ መጽሐፍ ንግሥት ዲዶ ለትሮይ ስደተኞች ግብዣ ስታደርግ እንግዶቹን እጅ የሚያስታጥቡት «ፋሙሊ» (የፋሙሉስ ብዙ ቁጥር) ናቸው። ቨርጂል እዚያ ቦታ ላይ የገበያ ቃል ቢያስገባ ማዕዱ ይበላሽበት ነበር።

ጥያቄ፦ ቃሉ ከየት መጣ?

የሮም ሰዋስው ሊቅ ፌስቱስ፣ በስምንተኛው መቶ ዘመን ጳውሎስ ዲያቆን አሳጥሮ ባስቀረልን ሥራው፣ ከኦስካን የመጣ ነው ይላል። ኦስካን በደቡብ ኢጣሊያ ይነገር የነበረ የላቲን ዘመድ ቋንቋ ነው። በዚያ ቋንቋ አገልጋይ «ፋሜል» ይባል ነበር፤ «ፋሚሊያ» የሚለውም ከዚሁ ወጣ። ከኢጣሊያ ምድር በፊት ያለው ሥሩ እስከ ዛሬ የሚያከራክር ነው።

ጥያቄ፦ እንዴ! «ፋሚሊያ» ቤተሰብ ማለት አይደለም? ከአገልጋይ ጋር ምን አገናኘው?

በዚህ ጥያቄ ላይ ረዘም አድርጌ መቆየት እፈልጋለሁ።

ዛሬ በአውሮፓ ቋንቋዎች ወላጆችንና ልጆችን የሚያመለክተው ቃል በጥንቱ ላቲን በመጀመሪያ የሚያመለክተው በአንድ ጌታ ሥር ያሉትን አገልጋዮች በጅምላ ነበር። ከዚያም አልፎ ንብረትን ሁሉ ያጠቃልላል። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ451 እና በ450 የተጻፉት የዐሥራ ሁለቱ ሠሌዳዎች ሕጎች፣ አንድ ሰው ሳይናዘዝና ወራሽ ሳይኖረው ከሞተ በአባት በኩል የቅርብ ዘመዱ የሆነው «ፋሚሊያውን ይውሰድ» ይላሉ። ሰውየው የሚወስደው ሀብቱን ነው፤ ሚስትና ልጆችን አይደለም። ሕግ ዐዋቂው ኡልፒያኖስም ከብዙ ዘመን በኋላ የዚህን ቃል ልዩ ልዩ ትርጉሞች አንድ በአንድ ለማስረዳት ተገዷል። «ፓቴርፋሚሊያስ»፣ ማለትም የፋሚሊያ አባት፣ የሚባለው ሰው እንግዲህ ከአባትነቱ ይልቅ የቤት ጌትነቱ ነው የሚቀድመው።

ፋሙሉስ «ቤትን ያስታውሳል» ስላልኩ የለሰለሰ ቃል ነው ብሎ የሚደመድም አንባቢ ይኖራል። እባካችሁ እንዲህ አታስቡ። በ61 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ.) የሮም ከተማ ገዥ የነበረው ጴዳንዮስ ሴኩንዱስ ከገዛ ባሪያዎቹ በአንዱ ተገደለ። የቆየው ልማድ በአንድ ጣሪያ ሥር ያደሩት ባሪያዎች በሙሉ እንዲገደሉ ያዝዝ ነበር። ታሪክ ጸሐፊው ታኪቱስ እነዚህን ሰዎች የጠራው «ፋሚሊያ በሙሉ» ብሎ ነው። ቁጥራቸው 400 ነበር፤ ሴቶችና ሕፃናትም ነበሩባቸው። ሕዝቡ ተቆጥቶ ድንጋይና ችቦ ይዞ ወጣ። ንጉሠ ነገሥቱ ኔሮ ግን መንገዱን በወታደር አጥሮ ሁሉንም አስገደላቸው። የቤት ስም መሸከማቸው አንዳቸውንም አላዳነም።

ከጥቂት ዓመታት በኋላ ፈላስፋው ሴኔካ ስለ ባሪያ አያያዝ በጻፈው ደብዳቤ፣ የጥንት አባቶች ጌታውን «የቤት አባት»፣ ባሪያዎቹንም «ፋሚሊያሬስ»፣ ማለትም ቤተኞች፣ ይሏቸው እንደነበር ያስታውሳል። በጌታው ላይ ጥላቻ እንዳይነሣ፣ በአገልጋዩም ላይ ንቀት እንዳይደርስ ብለው ነው ይላል። ሴኔካ ይህን የጻፈው ከልቡ ይመስለኛል። እኔ ግን ደብዳቤውን ባነበብኩ ቁጥር ስለ 400ዎቹ አስባለሁ።

ጥያቄ፦ ገጣሚውን ሉክሬቲዮስን ሳነብ «ፋሙል» የሚል አገኘሁ። የማተሚያ ስሕተት ነው?

አይደለም፤ እጅግ ጥንታዊ መልክ ነው። ከሉክሬቲዮስ በፊት የነበረው ገጣሚ ኤንዮስ ተጠቅሞበታል፤ ሉክሬቲዮስም ከእሱ ወርሶት ካርታጎን ያስደነገጠው የሮም ጦር መሪ ስኪፒዮ «እንደ መጨረሻው ሎሌ» አጥንቱን ለመሬት ሰጠ ሲል ይህንኑ አጭር ቃል አኖረ። ከኦስካኑ «ፋሜል» ጋር ስታነጻጽሩት መመሳሰሉ ይታያችኋል። በግጥም ውስጥ የቀረ፣ በሰዎች አፍ ከጠፋ የቆየ ቃል ነው። እንዲህ ያለውን ያገኘ አንባቢ ዕድለኛ ነው።

ጥያቄ፦ ለሰው ብቻ ነው የሚባለው?

አይደለም፣ እዚህ ላይ ቃሉ ያምርበታል። በኤኔይድ አምስተኛ መጽሐፍ የግጥሙ ጀግና ኤኔያስ በአባቱ መቃብር ላይ መሥዋዕት ሲያቀርብ እባብ ከሥር ወጥቶ መሥዋዕቱን ቀምሶ ይመለሳል። ኤኔያስም የቦታው ጠባቂ መንፈስ ይሁን ወይስ የአባቱ «ፋሙሉስ» ግራ ይገባዋል። ገጣሚው ካቱሉስ ደግሞ ኩቤሌ የተባለች አምላክ አምልኮ ያሳበደው አቲስ ወደ ልቡ ሲመለስ «እንግዲህ የኩቤሌ ፋሙላ ልባል ነው?» እያለ ሲያለቅስ ያሳየናል፤ አቲስ ወንድነቱን በገዛ እጁ ስለቆረጠ ገጣሚው በሴት ጾታ ነው የሚያናግረው። ገጣሚው ኦቪድም ቃሉን ቅጽል አድርጎ የራይን ወንዝ «ሎሌ ውሃዎቹን» ለሮም አስረከበ ይላል። አማልክትም፣ ሙታንም፣ ድል አድራጊዎችም የሚያድርላቸው አላቸው።

ጥያቄ፦ መምህር፣ እኔ የግዕዝ ተማሪ ነኝ። ላቲን የጀመርኩት የዲልማን የግዕዝ መዝገበ ቃላት ፍቺው በላቲን ስለሆነ ነው። የፋሙሉስና የሴርቩስ ልዩነት በእኛ መጻሕፍት ቅዱሳት ውስጥ ይታያል?

በርቱ፤ መንገዱ ትክክል ነው። ከሉዶልፍ የ1661 መዝገበ ቃላት ጀምሮ እስከ ዲልማን የ1865 ሥራ ድረስ (ሁለቱም እ.ኤ.አ.) አውሮፓ ግዕዝን ያጠናው በላቲን በኩል ነው።

ለጥያቄዎ የምወደው ምሳሌ ዕብራውያን 3፥5 ነው። ግሪኩ ሙሴን «ቴራፖን» ይለዋል፤ ይህ ቃል በአዲስ ኪዳን ውስጥ ሌላ ቦታ አይገኝም። ተራው የግሪክ ቃል «ዱሎስ» ነው፤ ጳውሎስ ራሱን የክርስቶስ አገልጋይ ሲል የሚጠቀመው በዚያ ነው። የላቲኑ መጽሐፍ ቅዱስም ልዩነቱን ጠብቆ ጳውሎስን «ሴርቩስ»፣ ሙሴን ግን «ፋሙሉስ» ይላል። አሁን የቆየውን አማርኛ መጽሐፍ ቅዱስ ይክፈቱ። ጳውሎስ በሮሜ 1፥1 «ባሪያ» ነው፤ ሙሴ ግን በእግዚአብሔር ቤት ሁሉ «እንደ ሎሌ የታመነ» ነው። ቤትና ሎሌ በአንድ ዐረፍተ ነገር! ተርጓሚዎቹ ልዩነቱን አላሳለፉትም፤ ለዚህ ጥንቃቄያቸው ትልቅ አክብሮት አለኝ።

በጾታ በኩልም አንድ ነገር ላክል። የሴርቩስ አንስታይ በተለምዶ «ሴርቫ» አይደለም፣ ከሌላ ሥር የመጣው «አንኪላ» ነው። በሉቃስ 1፥38 እመቤታችን ራሷን የምትጠራበት የላቲን ቃል ይህ ነው። በግዕዝም «ገብር» የሚለው አንስታዩን ከሌላ ሥር «አመት» ብሎ ያመጣል። ፋሙሉስ ግን ከራሱ ሥር «ፋሙላ»ን ይወልዳል።

ጥያቄ፦ በላቲኑ ቅዳሴ ውስጥ ቃሉ አለ ሲባል ሰምቻለሁ።

አለ፣ ያውም በልቡ ላይ። የሮም ቤተ ክርስቲያን የቅዳሴ ጸሎት ሕያዋንን ሲያስብ «ጌታ ሆይ፣ ወንዶችና ሴቶች ፋሙሎችህን አስብ» ይላል፤ ካህኑም ስማቸውን ያነሣል። አውግስጢኖስ ስለ እናቱ ስለ ሞኒካ ለእግዚአብሔር ሲናገር «ፋሙላህ» ይላታል። በጎቶች ዘመን በእስፓኝ በተቀረጹ የክርስቲያን መቃብር ድንጋዮች ላይም «የእግዚአብሔር ፋሙሉስ» የሚል በብዛት ይገኛል። ክርስቲያኖች ከአረማውያን ግጥም የወረሱትን ቃል የራሳቸው አድርገውታል።

በአንጻሩ ከ590 እስከ 604 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ.) የሮም ጳጳስ የነበረው ታላቁ ጎርጎርዮስ ራሱን «የእግዚአብሔር ባሪያዎች ባሪያ» ሲል ቃሉ ሴርቩስ ነው። በእኔ ንባብ ይህ ሆን ተብሎ የተደረገ ነው። ራሱን እስከ መጨረሻው ዝቅ ማድረግ የፈለገ ሰው የቤቱን ቃል ትቶ የገበያውን ይወስዳል።

ጥያቄ፦ ጀርመን አገር ሕክምና የሚማር ወንድም አለኝ። «ፋሙላቱር» ላይ ነኝ ይላል። ግንኙነት አለው?

ቀጥተኛ ግንኙነት ነው። በጀርመን ዩኒቨርሲቲዎች ፋሙሉስ የሊቁ ረዳት ተማሪ ነበር። በጀርመናዊው ባለቅኔ በጎተ ተውኔት በ«ፋውስት» ውስጥ ሌሊት በሩን የሚያንኳኳው ዋግነር ለፋውስት ፋሙሉሱ ነው። ወንድምዎ ያለበት ደግሞ የሕክምና ተማሪዎች በሆስፒታልና በክሊኒክ በድምሩ ለ4 ወራት የሚሠሩት የግዴታ ልምምድ ነው። በእስፓንኛም «ፋሙሎ» የቤት አገልጋይ ነው፣ ብዙም ባይሰማ።

ጥያቄ፦ የሰው ስም ሆኖ ያውቃል?

የኔሮን ወርቃማ ቤት ያስጌጠው ሠዓሊ በሮማዊው ጸሐፊ በታላቁ ፕሊኒዮስ ጽሑፍ ቅጂዎች ፋሙሉስ ተብሎ ይገኛል፤ አንዳንድ አራሚዎች ፋቡሉስ ነው ይላሉ። መወጣጫ ላይ ሆኖ ሲሥል እንኳ የክብር ልብሱን ቶጋውን አያወልቅም ነበር ተብሎለታል።

ጥያቄ፦ ከፋሙሉስ የባሰ ብርቅ ቃል አለ?

አለ። «አንኩሉስ» የአንኪላ ተባዕታይ ነው፤ ሥሩ «በዙሪያ የሚመላለስ» ማለት ሲሆን በጥንት ሊቃውንት ማስታወሻ ውስጥ ብቻ ተርፏል። የወታደር ሎሌ «ካኩላ» ይባላል። በጌታው ቤት የተወለደ ባሪያ «ቬርና» ነው።

ጥያቄ፦ ታዲያ ስንተረጉም ባሪያ እንበል፣ ሎሌ፣ ወይስ አገልጋይ?

እንደ ቦታው ነው፣ ግን አቋም አለኝ። «ባሪያ» በአገራችን ብዙ ወገኖቻችን የተሰደቡበትና የተሸጡበት ቃል ነው፤ ሲጻፍ ሊከብደን ይገባል። ይሁንና የሮም ሕግ ሴርቩስ ሲል «አገልጋይ» ብለን ብናለሰልስ የተሸጠውን ሰው ደመወዝተኛ አስመሰልነው፤ ይህ ግፉን መሸፈን ነው። ስለዚህ ሴርቩስን በታሪክና በሕግ ጽሑፍ «ባሪያ» እላለሁ። ፋሙሉስን በግጥም «ሎሌ»፣ በቤተ መቅደስና በጸሎት «አገልጋይ» እለዋለሁ። ሮማዊው ተናጋሪና ጸሐፊ ኪኬሮ ግን ጌቶች በፋሙሎቻቸው ላይ ስለሚጠቀሙት ጭካኔ ሲጽፍ፣ እንዲህ ባለው ቦታ ቃሉ ፋሙሉስ ቢሆንም «ባሪያ» ከማለት ወደኋላ አልልም።

ጥያቄ፦ ለፈተና፦ «ለወንዶችና ለሴቶች አገልጋዮች» ለማለት ሁለቱም «ፋሙሊስ» አይሆኑም?

በደንቡ ይሆናሉ፤ ችግሩም ይኸው ነው። ስለዚህ ለሴቶቹ «ፋሙላቡስ» የሚል የተለየ መልክ ተበጀ፤ «ፊሊያቡስ»፣ ማለትም ለሴቶች ልጆች፣ በሚለው አምሳል። በጸሎት መጻሕፍት «ፋሙሊስ» እና «ፋሙላቡስ» ጎን ለጎን ታገኛላችሁ። ሲነበብ ድምፁ ጎላ የሚለው በቃሉ መጀመሪያ ላይ ነው፦ ፋ‑ሙ‑ሉስ። በ«ፋሙላቡስ» ግን ወደ «ላ» ይሸጋገራል።